ሳይነሳ ወይስ ሲነሳ

ሚስቴን የተዋወቅኳት ተጣልተን ነው። የተጣላነው በአንዲት ቃል ነው፤ ቃሏ ደግሞ ያለችው ዘፈን ውስጥ ነው። ይህን ስናገር የሚስቁብኝ ሰዎች አሉ። ይሳቁ። በዚያች ቃል የተነሳ ግን ትዳሬ ገና ሳይጀመር ሊፈርስ፣ ከሞላሌ የላክኳቸው የተከበሩ ሽማግሌዎችም እንደ በግ ሌባ ተነድተው ቀበሌ ሊገቡ ምንም አልቀራቸውም ነበር። እስቲ ከሥሩ ላጫውታችሁ።

ያን ጊዜ ሚኒባስ ሾፌር ነበርኩ፤ አሁንም ነኝ። ተወልጄ ያደግኩት ሞላሌ ነው፤ የምሠራው ከመሐል ሜዳ ራቤል ባለው መስመር ነው። ሠላሳ ዓመት አልፎኝ አላገባሁም ነበርና እናቴ ከቤተ ክርስቲያን በተመለሰች ቁጥር ለማን ምን እንደተሳለች እየነገረች ታሳቅቀኝ ነበር።

በእኛ አገር «ልበሺ ጓሳ» የሚባለውን ዘፈን የማያውቅ የለም። ጣሊያን አገሩን በያዘበት ዘመን የእኛ አርበኞች ጓሳ ተራራ ላይ ሸምቀው ሲዋጉ ዋናው ጋሻቸው ጉሙ ነበር ይባላል። ጉሙ ሲወርድ እነሱም አብረው ይወርዳሉ፤ ጉሙ ሲገለጥ የሉም። ለዚህ ነው ተራራዋን እንደ ሴት ልጅ እያባበሉ «ጉምሽን ልበሺ» ብለው የዘፈኑላት። ጦርነቱ አለቀና ዘፈኑ ቀረ። ሠርግ ላይ ይዘፈናል፤ በአርበኞች ቀን ተማሪዎች ተሰልፈው ይዘፍኑታል፤ ሴቶች ወተት ሲንጡ ያንጎራጉሩታል። በኋላ ደግሞ አንድ የከተማ ልጅ በኦርጋን ተጫወተውና የሰው ሁሉ የስልክ መጥሪያ ሆኖ አረፈው። አንዴ ለቅሶ ቤት፣ ካህኑ ፍትሐት እያደረሱ፣ ከአንዱ ኪስ «ልበሺ ጓሳ» ብሎ ሲጮህ ግማሹ ለቀስተኛ ትከሻው ሲነቃነቅ በዓይኔ አይቻለሁ።

እኛ ቤት ውስጥ ግን ነገሩ ከዘፈን በላይ ነው። ዘፈኑ ውስጥ ቅድመ አያቴ አሉበት። እንዲህ ይላል፦

ልበሺ ጉምሽን፣ ልበሺ ጓሳ፣
ይፍሩ ገሰገሰ ጠላት ሳይነሳ።

ይፍሩ ማለት የአያቴ አባት ናቸው። ጠላት ከእንቅልፉ ሳይነሳ ገስግሰው ደረሱበት ማለት ነው። ይህን ከጡት ጋር ነው የጠባሁት።

አንድ ቀን ከመሐል ሜዳ ስነሳ አንዲት አስተማሪ ጋቢና ገባች። ሰርካለም ትባላለች፤ አገሯ ራቤል ነው። ዘፈኑን ከፍቼዋለሁ። መንገድ ላይ እሷም ታዜም ጀመር፤ ደስ አለኝ። ዋናው ቦታ ላይ ስትደርስ ግን «ጠላት ሲነሳ» ብላ አለፈች።

«ይቅርታ የኔ እህት፣ ‹ሳይነሳ› ነው» አልኳት።

«ምኑ?»

«ጠላት ሳይነሳ። አንቺ ‹ሲነሳ› አልሽ።»

«ልክ ነዋ! ጠላት ሲነሳ ይፍሩ ገሰገሰ» አለችና በአውራ ጣቷ ወደ ኋላ አመለከተች። «ወደዚያ።»

«ይፍሩ ቅድመ አያቴ ናቸው።»

ደንገጥ አለች። «ውይ፣ ይቅርታ» አለች። ከዚያ በመስኮት ወደ ውጭ ስታይ ቆየችና ቀስ ብላ ጨመረች፤ «ግን ሸሽተዋል።»

ፍሬን ያዝኩ። ከኋላ ያሉት ተሳፋሪዎች እርስ በርሳቸው ተጋጩ። አንዱ «በግ ገጨ! በግ ገጨ!» ብሎ ጮኸ። በጉን ፍለጋ የወረደም ነበር።

መኪናዋ እንደገና ስትነሳ ንዴቴ አልበረደም። የሚቀጥለው ስንኝ ላይ ድምፄን ከፍ አድርጌ እኛ እንደምንለው ለቀቅኩት፦

ጉሙ ቢገለጥ ማን ቀረ ከደጁ፣
ተሰማ ብቻውን ቂጣው በእጁ።

ተሰማ የሚባለው፣ ሰው ሁሉ ሲዘምት ስንቁን እየበላ የቀረ ሰነፍ ነው ተብለን ነው ያደግነው። ልጆች ሆነን በምግብ የሚዘገየውን ሁሉ «ተሰማ» እንለው ነበር።

ልጅቷ ፊቷ ተለዋወጠ። «ተሰማ ቅድመ አያቴ ናቸው» አለች። «በእጃቸው የነበረውም ጎራዴ ነው። ‹ተሰማ ብቻውን ጎራዴው በእጁ› ነው የሚባለው።»

«እኛ ጋ ቂጣ ነው።»

«እናንተ ጋ ረሃብ ነው!»

ራቤል እስክንገባ አልተነጋገርንም። ስትወርድ በሩን ይዛ ቆመችና «ስመለስም በአንተ መኪና ነው፤ አልጨረስንም» አለችኝ። እውነትም አልጨረስንም። ክርክሩ ወራት ፈጀ፤ በመሀሉ እኔ ሌላ መንገደኛ ጋቢና ማስገባት ተውኩ፤ እሷም ሌላ መኪና መሳፈር ተወች። በኋላማ መከራከሩን ትተን ስለ ትዳር ማውራት ጀመርን። ያኔ ነው ችግሩ የመጣው።

የሰርካለም አባት በልጅነቷ ነው የሞቱት። ያሳደጓት አያቷ፣ አባባ ልሳኑ ተሰማ፣ የዚያው የተሰማ ልጅ ናቸው። ስለ እሳቸው የነገረችኝ ሁሉ የሚያስፈራ ነበር። አንድ ሠርግ ላይ አዝማሪው «ሳይነሳ» ስላለ ወጡ ሳይቀርብ ተነስተው ሄደዋል። በአርበኞች ቀንም ተማሪዎቹን መሀል ላይ አስቁመው ስንኙን አስተካክለዋል። በእኛ በኩል ደግሞ ሽምግልናውን የሚመሩት የአያቴ ታናሽ ወንድም፣ አያ ሸዋንግዛው ይፍሩ ናቸው። ሌላ ሰው እንዳልልክ በሕይወት ያሉት የቤተሰቡ ትልቅ እሳቸው ብቻ ናቸው። ሁለቱም ሰማንያን ተሻግረዋል፤ ሁለቱም ከዘራቸውን የሚይዙት ለመደገፍ ብቻ አይደለም።

ሰርካለም በስልክ አስጠነቀቀችኝ። «ዘፈኑ እንዳይነሳ። የይፍሩ ስም እንዳይጠራ። ከቻላችሁ ስለ ጦርነት ጭራሽ አታውሩ፤ ስለ ገብስ አውሩ።»

«ዘር ሲቆጠርስ?» አልኳት። በእኛ አገር ልጅ ከመሰጠቱ በፊት ዝምድና እንዳይኖር የሁለቱም ወገን ትውልድ ይቆጠራል። የእኔ ሲቆጠር ደግሞ ይፍሩ ላይ መድረሱ አይቀርም።

«እሱን እኔ እጨርሰዋለሁ» አሉ የንስሐ አባታችን ቄስ ገበየሁ፣ ስነግራቸው። «የክርስትና ስማቸውን እጠራለሁ። ውሸት አይደለም።»

አያ ሸዋንግዛው ግን አኮረፉ። «የአባቴን ስም ልደብቅ? በጓሳ የተዘፈነለትን?»

«ለአንድ ቀን ነው አያ።»

«አንድ ቀን!» አሉ፣ አንድ ዓመት እስር የተፈረደባቸው ይመስል።

እንደ ወጉ ከሆነ ሽማግሌ ሲላክ ሙሽራው ቤቱ ቁጭ ብሎ ጥፍሩን ይበላል። በዚያ ሰሞን ግን ነዳጅ ጠፍቶ ከመኪኖቹ ሁሉ የምትንቀሳቀሰው የእኔዋ ብቻ ነበረች። አባባ ልሳኑ አይተውኝ አያውቁም። ስለዚህ ሾፌር ሆኜ ልሄድ ተስማማን። ሾፌር መሆኔ ደግሞ እውነት ነው።

እሑድ ከቅዳሴ በኋላ ተነሳን። ፊት ለፊት አያ ሸዋንግዛው፣ ከኋላ ቄስ ገበየሁ፣ ከእሳቸው ጎን ጋሽ ታደሰ ተቀመጡ። ጋሽ ታደሰ ጎረቤታችን ናቸው፤ የተመረጡት ጨዋታ ስለሚችሉ ነው፤ የመጡት ግን ግብዣ ስለሚወዱ ነው። ጓሳ ላይ ስንደርስ ጉሙ መንገዱን ውጦት ነበር። መብራት አብርቼ እየዳሰስኩ ስነዳ አያ ሸዋንግዛው በመስኮቱ ጉሙን አዩና አጉረመረሙ፤ «ልበሺ...»

«አያ!» አልናቸው ሁላችንም በአንድ ድምፅ።

የአባባ ልሳኑ ግቢ ከራቤል ከተማ ወጣ ብሎ ነው። መኪናዋን አቁሜ ሽማግሌዎቹ ወርደው ጋቢያቸውን ሲያስተካክሉ ከግቢው ውስጥ አንድ ነጎድጓዳማ ድምፅ ተሰማ፤ «ይፍሩ! ና ተመለስ! ይፍሩ!»

አያ ሸዋንግዛው ክንዴን ጨመደዱት። «አወቁን» አሉኝ።

ከአጥሩ ሥር አንድ ጥቁር ውሻ እየጮኸ ወጣ። ሰው ሲያይ ጭራውን ወሽቆ ተመለሰ። ከኋላው አባባ ልሳኑ ከዘራቸውን ይዘው ብቅ አሉ፤ ረጅም፣ ቀጥ ያሉ፣ ጢማቸው ነጭ። «አይዟችሁ ግቡ፣ አይነክስም። ፈሪ ነው» አሉ።

የውሻውን ስም የሰማሁት ያን ጊዜ ነው። ሰርካለም ይህችን ብቻ አልነገረችኝም። በኋላ ስጠይቃት «አፈርኩ» አለችኝ። አያ ሸዋንግዛው ጆሯቸው ትንሽ ስለሚከብድ፣ እግዚአብሔር ይመስገን፣ የተጠራው ውሻው መሆኑ አልገባቸውም። ቄስ ገበየሁ ግን ገብቷቸው መስቀላቸውን ከደረታቸው አወጡ።

ሽማግሌዎቹ ገብተው ቆሙ። እኔ ደጅ ልቀር ስል «ሾፌሩስ? በዚህ ብርድ ሰው ደጅ ይቀመጣል? ግባ አንተ!» ተባልኩ። በሩ ሥር ካለው መደብ ጫፍ ላይ ቁጭ አልኩ። ከመጋረጃው በስተጀርባ የሰርካለም ዓይን ብልጭ አለና ጠፋ።

ቄስ ገበየሁ ጉሮሯቸውን ጠርገው ያማረ ነገር ተናገሩ። ልጅዎን ለልጃችን ልንጠይቅ፣ ጎጆ ልናስወጣ፣ ከእርስዎ ጋር ልንዛመድ መጥተናል አሉ። አባባ ልሳኑ እስኪጨርሱ ሰሙ። «በሉ ተቀመጡ» አሉ። «ልጅ በአንድ ቀን አይሰጥም። ዛሬ እንተዋወቃለን፤ ሌላ ቀን ትመጣላችሁ፤ ከዚያም ሌላ ቀን ትመጣላችሁ። እስከዚያ ቅመሱ።»

እማማ ዘርፌ፣ የሰርካለም አያት፣ ጠላ አቀረቡ። ከዚያ በሰፊ ሰፌድ ቅቤ የጠጣ የገብስ ቂጣ መጣ።

ጋሽ ታደሰ ደስታቸውን መደበቅ አልቻሉም። «ቂጣ!» አሉ።

ቤቱ ውስጥ ያለን የሞላሌ ሰዎች ሁላችንም ሰፌዱን አየን፤ ከዚያ አያ ሸዋንግዛውን አየን። አያ ሸዋንግዛው ቁራሽ ቂጣ ይዘው የተሰማን ልጅ ፊት ለፊት እያዩ ከንፈራቸው ይንቀጠቀጥ ጀመር። ቄስ ገበየሁ በክርናቸው ደሰቋቸው።

«ምነው አልጣፈጠም?» አሉ አባባ ልሳኑ።

«ኧረ በጣም... በጣም የሚዘፈንለት ቂጣ ነው» አሉ አያ ሸዋንግዛው።

አባባ ልሳኑ ወደ እኔ ዞሩ። «አንተ ሾፌሩ፣ ልጁን ታውቀዋለህ?»

«አውቀዋለሁ አባባ።»

«እነዚህ ለራሳቸው ልጅ ነው የሚመሰክሩት። አንተ ባዕድ ነህ፤ እውነቱን ንገረኝ። ምን ዓይነት ነው?»

«ደህና ልጅ ነው።»

«ይጠጣል?»

«ለበዓል ብቻ።»

«ሰነፍ ነው?»

«እሱስ... እንደሚወራው አይደለም።»

«ምን ይወራል?»

ከመጋረጃው ኋላ ሳቅ ታፈነና የድስት ክዳን መሬት ላይ ወድቆ ተንከባለለ። «ወሬ መች ይጠፋል አባባ» አልኩ። አባባ ልሳኑ ራሳቸውን ነቀነቁና «መልኩስ?» አሉ። «እንደ እኔው ነው» አልኳቸው። ከእግር እስከ ራሴ አዩኝና በረጅሙ ተነፈሱ። «እንግዲህ እግዚአብሔር የሰጠውን ምን ይደረጋል» አሉ።

ከዚያ ዘር ቆጠራ ተጀመረ። ቄስ ገበየሁ ዓይናቸውን ጨፍነው ጸሎት እንደሚያደርሱ ሁሉ ፈጠን ፈጠን አሉ። «ልጁ ሽመልስ ይባላል፤ ሽመልስ የታምራት፣ ታምራት የመኮንን፣ መኮንን የወልደ ሚካኤል...»

«ቆይ» አሉ አባባ ልሳኑ። «የየትኛው ወልደ ሚካኤል? በእሳቸው ዘመን ከሞላሌ ሰው የማላውቀው የለም።»

«የክርስትና ስማቸው ነው።»

«የዓለም ስማቸውስ?»

«ዓለምን እንኳ ትተዋት ሄደዋል፤ ነፍሳቸውን ይማር» አሉ ቄስ ገበየሁና ሳይተነፍሱ ወደሚቀጥለው አያት አለፉ። እንዲህ ያለ ብልሃት አይቼ አላውቅም። ያለፍን መሰለኝ። አባባ ልሳኑ ጠላቸውን አንስተው ሊጠጡ ሲሉ ያ ውሻ ቂጣው ሸቶት በእግሬ መሀል ሾልኮ ገባ።

«ውጣ ይፍሩ!» ብለው አምባረቁ። «አንተ ፈሪ! ጅብ ሲጮህ አልጋ ሥር ትገባለህ፣ ቂጣ ሲሸትህ ትወጣለህ! ውጣ ይፍሩ!»

በዚህኛው ጊዜ ጆሮ የሚከብደው ሰው እንኳ ሰማ። አያ ሸዋንግዛው ቂጣቸውን ቀስ ብለው ሰፌዱ ላይ መለሱ።

«የውሻው ስም ማን ነው?»

«ይፍሩ።»

«ማን አወጣለት?»

«እኔ ነኝ። ዘፈን ውስጥ ባለ አንድ ፈሪ ስም» አሉ አባባ ልሳኑ እየሳቁ።

አያ ሸዋንግዛው ተነሱ። ለመነሳት ሁልጊዜ ሰው ነበር የሚደግፋቸው፤ ያን ቀን ግን እንደ ወጣት ብድግ አሉ። ከዘራቸውን መሬት ላይ ሲመቱት አቧራው ቦነነ። «ሸዋንግዛው ይፍሩ ነኝ! የይፍሩ ልጅ! የገስጋሹ! የጓሳው!»

ቄስ ገበየሁ ፊታቸውን በነጠላቸው ሸፈኑ። ጋሽ ታደሰ፣ ነገሩ ካበቃ ምግቡም ማብቃቱ ነው ብለው መሰለኝ፣ ሁለት ቁራሽ ቂጣ በአንድ ጊዜ ጎረሱ።

አባባ ልሳኑም ተነሱ። እንደማየው ከሆነ ቤቱ ውስጥ ደም ሊፈስ ነው። አያ ሸዋንግዛው ግን አልተማቱም፤ ዘፈኑት። «ጠላት ሳይነሳ» የምትለዋን ቤቱን በሚሰነጥቅ ድምፅ ለቀቋት። አባባ ልሳኑ ሳያስጨርሷቸው «ጠላት ሲነሳ!» ብለው መለሱ። አንዱ ወደ ፊት ይረማመዳል፣ ሌላው ወደ ኋላ፤ ከዚያ ይገለበጣል። ከዘራው ከዘራውን ሳይነካ በአየር ላይ ያልፋል። «ቂጣው በእጁ!» «ጎራዴው በእጁ!» ፉከራው፣ ሽለላው፣ ያባት ስም እየተጠራ የሚዘለለው ዝላይ! እማማ ዘርፌ ገንቦውን አቅፈው ጥግ ያዙ። ውሻው አልጋ ሥር ገባ።

እንዲህ ሲቀጥል ድንገት አያ ሸዋንግዛው ዜማውን ዝቅ አደረጉት፤ የደከማቸው መሰለኝ። እኔ ሰምቼው የማላውቀውን ስንኝ ጀመሩ፦

አትጨዱት ሣሩን፣ ተዉት ለከርሞ፣

አባባ ልሳኑ ለመልስ የከፈቱት አፋቸው እንደተከፈተ ቀረ። ከዚያ በቀስታ፣ በዚያው ዜማ፣ ዘጉት፦

ስንቱ ተኝቶበት ቀርቷልና ደክሞ።

ሁለቱም ቆሙ። ሁለቱም ያለከልካሉ።

«ይህን ከማን ሰማኸው?» አሉ አባባ ልሳኑ።

«ከአባቴ። አንተስ?»

«ከአባቴ። እሳቸው ከሞቱ ወዲህ የሚቀበለኝ አላገኘሁም። ልጆቹ የሚያውቁት የኦርጋኑን ነው፤ እሱ ደግሞ እዚህ ሳይደርስ ያልቃል።»

የሚቀጥለውን ነገር ለመስማት ሁላችንም አንገታችንን አስግገን ሳለ ደጁ በጩኸት ተናወጠ።

ለካስ ሁለቱ ሽማግሌዎች ሲፎክሩ ድምፃቸው ማዶ ድረስ ተሰምቶ «ልሳኑ ቤት ሰው ገባ» ተብሎ ጥሩምባ ተነፍቷል። ጥሩምባ የሰማ ደግሞ እንደመሰለው ነው የመጣው። ዱላ የያዘ አለ። እሳት መስሎት ባልዲ የተሸከመ አለ። «ወይኔ ልሳኑ! ወይኔ ወንዱ!» እያሉ ነጠላቸውን አዘቅዝቀው ደረት እየመቱ የገቡ ሴቶችም ነበሩ፤ አባባ ልሳኑን ቆመው ሲያዩ አንደኛዋ ተበሳጨች። «ታዲያ ማን ነው የሞተው?» አለች።

ሚሊሻው አበራ በሕዝቡ መሀል ጥሶ ገባና ፊቱን አኮሳትሮ ቆመ። ልጅ እግር ነው፤ ሥራውን በጣም ይወዳል። «እነዚህ ሰዎች እነማን ናቸው?»

«እኚህ ሽማግሌ ላይ ዱላ አንስተዋል ተብሏል። መታወቂያ!»

አያ ሸዋንግዛው መታወቂያቸውን ሰጡ። አበራ ጮክ ብሎ አነበበው። «ሸዋንግዛው... ይፍሩ።» ሕዝቡ አጉረመረመ። «የሸሸው?» አለ አንዱ ከኋላ።

«ሁላችሁም ወደ ቀበሌ! ሾፌሩም ጭምር» አለ አበራ። «የሰው አገር መጥታችሁ የሰው ቤት ትበጠብጣላችሁ?»

ሁሉም ወደ አባባ ልሳኑ ዞረ። ከፈለጉ «ውሰዳቸው» ብለው መገላገል ይችላሉ። እኔ ሰርካለምን በመጋረጃው በኩል አየኋት፤ አሁን አትስቅም። አባባ ልሳኑ ከዘራቸውን ይዘው አያ ሸዋንግዛውን ረጅም ጊዜ አዩዋቸው።

«አበራ» አሉ፣ «ቤቴ ገብቶ ጠላዬን የጠጣን ሰው የትም አትወስድም። እንግዶቼ ናቸው።»

«በምን ጉዳይ መጡ አባባ? መዝገብ ላይ ልጻፈው።»

«ልጄን ሊጠይቁ።»

አበራ ሥራውን ይወዳል ብያችኋለሁ። «ሰጥተዋቸዋል ወይስ አልሰጧቸውም?» አለ። «ከሰጧቸው ዘመድ ናቸው፤ የቤተሰብ ጨዋታ ነው፣ እኔንም አያገባኝም። ካልሰጧቸው ግን ጸብ ነው።»

አባባ ልሳኑ ጢማቸውን ጨበጡ። ልጅ በአንድ ቀን አይሰጥም ካሉ ገና ቂጣው አልቀዘቀዘም።

«ሰጥቻለሁ!» አሉ።

ሊያለቅሱ የመጡት ሴቶች እዚያው በቆሙበት እልልታውን አቀለጡት። ማን እንደሞተ የጠየቀችው ሴትዮ ከሁሉም በላይ ጮኸች። ባልዲ የያዘው ሰውዬ ባልዲውን ገልብጦ እንደ ከበሮ ይመታው ጀመር። እኔ ሳላስበው ከመደቡ ተነስቼ የአባባ ልሳኑ እግር ላይ ወደቅኩ።

«አንተ ደግሞ ምን ሆነህ ነው? ሾፌሩ ምን ያንበረክከዋል?»

«ልጁ እኔ ነኝ አባባ።»

ከላይ ወደ ታች አዩኝ። «‹እንደሚወራው አይደለም› ብለህ የመሰከርከው ስለ ራስህ ነው?»

«አዎ አባባ።»

ወደ መጋረጃው ጮኹ። «ሰርካለም! ይሄ ነው?»

«እሱ ነው አባባ» አለች ከውስጥ።

«እንግዲህ ቃሌ ወጥቷል፣ ምን አደርጋለሁ» አሉና ትከሻዬን ይዘው አነሱኝ። ከዚያ ድምፃቸውን ከፍ አድርገው ለሁሉም ተናገሩ። «ሠርጉ ላይ ግን ‹ሲነሳ› ነው የሚባለው!»

«ሳይነሳ!» አሉ አያ ሸዋንግዛው።

ሠርጉ ላይ ሁለቱም ተባለ። የሙሽራው ወገን አንዱን፣ የሙሽራዋ ወገን ሌላውን፣ በአንድ ጊዜ ጮኸው ዘፈኑት፤ ማን ምን እንዳለ የሰማ የለም። ውሻው ስሙ ተቀየረ፤ አዲሱን ስሙን ግን እስካሁን አላወቀውም፤ ሲጠሩት አይመጣም።

አንባቢዎቼ፣ ይህ ቀን ሚስት ብቻ አይደለም የሰጠኝ። ከዚያ ወዲህ መኪና ውስጥ የኦርጋኑን ዘፈን ከፍቼ መንዳት ተውኩ። ዕድሜ የጠገበ ሰው ጋቢና ሲገባ «እርስዎ ጋ እንዴት ነው የሚባለው?» እላለሁ። የምሰማው ጉድ ነው። አንዲት እናት ዘፈኑን ያወጣችው ባሏ ጓሳ የቀረባት ሴት እንጂ ወንድ አይደለም ብለው ማሉልኝ። በጉሙ ላይ ጨረቃ የጨመሩም አሉ። የመርሐቤቴ ሰው ደግሞ ጓሳን ጭራሽ አውጥቶ የራሱን ገደል አስገብቶበታል። በቀደም ከቆላ የወጣ መሐመድ የሚባል ነጋዴ ጭነቱን ጣሪያ ላይ አስጭኖ ጎኔ ተቀመጠና ስጠይቀው ሳቀብኝ። «ይፍሩ የሚባል ሰው የለም እኮ» አለኝ። «‹ጠላቶች ይፍሩ!› ማለት ነው። ስም አይደለም፣ ፉከራ ነው። እኛ ጋ የገሰገሰው የእኔ አያት ነው።»

ይህን ለአያ ሸዋንግዛው አልነገርኩም። ለአባባ ልሳኑም አልነገርኩም። ለምን ብዬ? የሁለቱንም ጠላት ባንድ ቀን ልገድልባቸው?

ድሮ ልክ የሆነው አንዱ ብቻ ነው ብዬ አምን ነበር፤ ያኛውን ማረም ግዴታዬ ይመስለኝ ነበር። ዛሬ እንዲያ አላስብም። የዚያን ጊዜ ሰዎች ጉም ውስጥ ነው የተዋጉት፤ ማን ወዴት እንደሮጠ ማን አየ? ያየው ሣሩ ነው። ለእኛ የቀረልን ዜማው ነው፤ ዜማው ደግሞ አንድ አውጪና አንድ ተቀባይ ይፈልጋል። እናንተም ቤት እንዲህ ያለ የምትጣሉበት ነገር ካለ፣ ቶሎ አትፍረዱ። መጀመሪያ እስከ መጨረሻው አዘፍኗቸው።

ባለፈው ክረምት አባባ ልሳኑ በሳንባ ምች ታመው መሐል ሜዳ ሆስፒታል ተኙ። አያ ሸዋንግዛው «ውሰደኝ» ብለው አስቸገሩኝና ወሰድኳቸው። አልጋው አጠገብ ተቀምጠው የአባባ ልሳኑን እጅ ያዙ። ከዚያ ዙሪያውን አይተው፣ ሌላ ሰው እንዳይሰማ ወደ ጆሯቸው ጎንበስ አሉ፤ የራሳቸው ጆሮ ስለሚከብድ ግን ምሥጢራቸው እስከ ኮሪደር ነው የሚሰማው።

«ልሳኑ፣ አንድ ነገር ልንገርህ» አሉ። «ከድሮም ጀምሮ በድምፅ አንተ ትበልጠኛለህ።»

አባባ ልሳኑ አንድ ዓይናቸውን ገልጠው አዩዋቸው። ሁለተኛውንም ገለጡ። ከዚያ በክርናቸው ቀና ለማለት እየታገሉ ተጣሩ።

«ሰርካለም! ኧረ ሰርካለም! ሐኪሙን ጥሪልኝ፤ የደበቃችሁኝ ነገር አለ!»